ደረጃ የሌለው ቦታ

መነን፣ ወደብ ላይ ኮንቴይነር እግሯን ከጨፈለቀው ወዲህ፣ ቡላኦስ ሰፈር ወዳለው የመንግሥት ቢሯቸው ሦስተኛ ፎቅ በክራንች መውጣት ሞት ሆኖባታል። በዚያ ሙቀት ግማሽ መንገድ ሳትደርስ ላቧ ጠብ ጠብ ይላል። ምድር ቤት እንዲያዛውሯት ለመነች።

«ባዶ ክፍል የለም» አሏት ኃላፊዋ አቶ ባንቲሁን።

«ያቺ ፍራሽ የተነጠፈባትስ?»

ፊታቸው ተለዋወጠ። ቀትር ላይ ጫት ከተማ ሲገባ ከእንግዶቻቸው ጋር የሚቅሙባት ክፍል ናት፤ ጠዋቱን ሙሉ ግን ተቆልፋ ነው የምትውለው።

በሳምንቱ አስጠሯት። «ጥያቄሽ ተፈቅዷል። ጋላፊ ተዛውረሻል።»

ጋላፊ! የድንበር በረሃ፣ የከባድ መኪና ሾፌር እንኳ ቶሎ ካላለፍኩ የሚለው ቦታ።

«ሐኪሜ እኮ እዚህ ነው» አለች።

«ደረጃ አልችልም ያልሽው አንቺ! እዚያ ደረጃ የሚባል ነገር የለም» አሉና ሰዓታቸውን አዩ።

ወጥታ የደረጃውን ብረት ይዛ ቀስ እያለች መውረድ ጀመረች። ታች፣ ዘበኛው ፍራሹን ሲያራግፍ ይሰማል። አቶ ባንቲሁን ከኋላዋ ደርሰው፣ ትከሻዋን ገፋ አድርገው አለፏት።

«ኧረ ይሄ ደረጃ!» አሉ ጉልበታቸውን እያሹ፤ «ሰው ሊገድል ነው እኮ!»