በቴሌቪዥን የተበላው ዓሣ

"ትንሽ ወደ ግራ ዞር ይበሉልኝ፣ አቶ ኢሳኦ። ባሕሩ ከኋላዎ እንዲታይ ነው" አለች ጋዜጠኛዋ።

ኢሳኦ ዞር አለ። በግራ እጁ ሳህን፣ በቀኙ መብያ እንጨቶቹን ይዟል። ሳህኑ ላይ ጎህ ሲቀድ ራሱ ከመረብ ያወጣው ሂራሜ ስስ ስስ ሆኖ ተቆርጦ ተደርድሯል። ሂራሜ ጠፍጣፋ፣ ሥጋው ነጭ የሆነ፣ የኩሮሃማ ወደብ ስሟ የተጠራበት ዓሣ ነው። ከመንግሥት መሥሪያ ቤት የመጣው ሙሉ ልብስ የለበሰ ወጣት ከካሜራው ጀርባ ቆሞ በእጁ "ይብሉ፣ ይብሉ" ይለዋል።

ኢሳኦ አንዱን ቁራሽ አነሳ፤ አኩሪ አተር መረቅ ውስጥ ነከር አደረገና ጎረሰ። አላመጠ፣ ዋጠ።

"እንዴት ነው?"

"ይጣፍጣል።"

"የኑክሌር ጣቢያው ውሃ ወደ ባሕር ከተለቀቀ ወዲህ ምንም አያስፈራዎትም?"

"ስልሳ ስምንት ዓመቴ ነው። የሚያስፈራኝ ሚስቴ ብቻ ናት።"

ሁሉም ሳቁ። ወጣቱ ባለሥልጣን ከልቡ ሳቀ፣ ከዚያም እስከ ወገቡ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳው። ጋዜጠኛዋ ለቀትሩ ዜና እንደሚደርስ ነገረችው።

ሰዎቹ መኪናቸው ውስጥ ሲገቡ ኢሳኦ ወደ ጨረታው አዳራሽ ተመለሰ። ዓሣ ነጋዴው ኩዶ ክንዱን አጣጥፎ አንድ ምሰሶ ተደግፎ ሲመለከተው ነበር። ሁለቱ ከጎረምሳነታቸው ጀምሮ ሲገበያዩ የኖሩ ናቸው።

"ጉድ ነው! ተዋናይ ሆነህ አረፍክ" አለው ኩዶ።

"ቀልዱን ተወውና ዛሬ ምን ያህል ታነሳለህ?"

"አንድ ሳጥን።"

"አንድ? ሌላውንስ ማን ሊያነሳው ነው?"

"እኔ ምን ላድርግ? ምግብ ቤቶቹ ከሌላ ወደብ አምጣ ይሉኛል። ወደ ውጭ አገር ይልኩ የነበሩት ደግሞ በሩ ተዘግቶባቸው የራሳቸውን ዓሣ እዚሁ ገበያ ላይ እያፈሰሱት ነው።"

"ጨረሩ ተለክቷል እኮ፣ ኩዶ። ምንም የለበትም።"

"እኔ መች አለበት አልኩህ? እኔ እበላዋለሁ። ግን የኔ ሆድ ብቻውን ስንቱን ሳጥን ይችለዋል?"

ኢሳኦ አንዱን ሳጥን ገፋ አድርጎ አቀረበለት። ከዓመታት በፊት የመሬት መንቀጥቀጥና ማዕበል በባሕሩ ዳር ያለውን የኑክሌር ጣቢያ ከመቱት ጀምሮ፣ በውስጡ የቀለጠውን ማገዶ ለማቀዝቀዝ ውሃ ሳያቋርጥ ይፈስስበታል። ያ ውሃ እየተጠራቀመ በረጃጅም ጋኖች ተሞላ፤ ጋኖቹም የጣቢያውን ግቢ ሞሉት። በዚህ ዓመት ነሐሴ ውሃው እየተጣራና በባሕር ውሃ እየቀጠነ ወደ ውቅያኖስ መፍሰስ ጀመረ። ማጣሪያው ሊያስቀረው የማይችለው ትሪቲየም የሚባለው ጨረር አመንጪ ነገር ግን መጠኑ እጅግ ትንሽ ስለሆነ ማንንም አይጎዳም ተብሎ ስብሰባ ላይ ተነግሯቸዋል። ኢሳኦ አምኗል። ያመነው ስላሳመኑት ይሁን ሌላ መንገድ ስላልነበረው፣ ራሱም ለይቶ አያውቅም።

ጀልባውን ሲያይ ደግሞ አለማመን አይችልም ነበር። መሬት የተንቀጠቀጠ ዕለት፣ ማዕበሉ ሳይደርስ ጀልባውን አስነስቶ ወደ ጥልቁ ባሕር ነድቶ ወጣ፤ ጀልባን ከማዕበል ማዳን የሚቻለው እንደዚያ ብቻ ነው። እናቱን ጎረቤቶች ወደ ኮረብታው ያወጧታል ብሎ ነበር። ሲመለስ ጀልባዋ ቀለሟ እንኳ አልተፋቀም፤ እናቱ ግን አልነበረችም። ከዚያ በኋላ ባሕሩ ተዘግቶ፣ ያቺ የዳነች ጀልባ ለዓመታት ወደቡ ላይ ታስራ ስትወዛወዝ ኖረች። ኢሳኦ ያለቀሰው እንደገና ዓሣ ማስገር ሲፈቀድ ነው፤ በእናቱ ቀብር ላይ አላለቀሰም።

ያልተነሱት ሳጥኖች ላይ በረዶ ሞልቶ፣ አንድ ትልቅ ሂራሜ ለቤቱ መርጦ ወጣ። ዛሬ ልጁ ማዩሚ ትመጣለች። ማዩሚ ሴንዳይ ከተማ አግብታ የምትኖር ነርስ ናት። የልጅ ልጁ ሆናሚ ስድስት ዓመቷ ነው፤ አያቷ ያጠመደውን ዓሣ አንድም ቀን ቀምሳ አታውቅም። ማዩሚ በመጣች ቁጥር ለልጅቷ ምግቧን በዕቃ ቋጥራ፣ የምትጠጣውን ውሃ እንኳ ገዝታ ትመጣለች። ኢሳኦ እንዳላየ ያልፋል። ማታ ግን "የገዛ ልጄ ባሕራችንን ናቀችው" እያለ ለሚስቱ ለቶሚኮ ሲያማርር ያመሻል።

ከቤቱ ጓሮ፣ ቧንቧው ስር፣ የዓሣውን ቅርፊት ሲፍቅ ስልኩ ጠራ። የዓሣ አጥማጆች ማኅበሩ ሊቀ መንበር ሃጊዋራ ነው።

"ኢሳኦ፣ ብቻህን ነህ?"

"ብቻዬን ነኝ። ምነው?"

"አጥማጁ ኦዛኪ ያመጣው አንድ የአለት ዓሣ የጨረር መለኪያውን አላለፈም። ሲዝየም የሚሉት የጨረር መርዝ አለበት።"

ኢሳኦ ቢላውን አስቀመጠ። "ምን ያህል?"

"ከሕጉ በላይ። በጣም በላይ። የአለት ዓሣ ማጥመድ ከአሁን ጀምሮ ቆሟል።"

"ከአዲሱ ውሃ ነው?"

"አይደለም ይላሉ። ያኔ በአደጋው ጊዜ ጣቢያው አጠገብ ካለው ወሽመጥ ስር ከተጋገረው ጭቃ ነው፤ ዓሣው እዚያ ከርሞ አምልጦ የወጣ ሳይሆን አይቀርም ነው የሚሉት።"

"ለሚበላው ሰው ምን ለውጥ አለው?"

"ምንም። ለዚህ እኮ ነው የደወልኩልህ። ዜናው ነገ ይወጣል። ጋዜጠኞቹ ጠዋት ይመለሳሉ። ያንተ ሂራሜ ንጹህ ነው፣ ፊታቸው ቆመህ ደግመህ ትበላለህ። የዛሬውን ሁሉም ወዶታል። ያቺ የሚስትህ ነገር…" ሃጊዋራ ሊስቅ ሞከረ፣ ሳቁ አልወጣለትም። "እሺ በለኝ፣ ኢሳኦ። ሌላ የሚያምኑት ፊት የለኝም።"

"እሺ" አለ ኢሳኦ።

ስልኩን ኪሱ ከትቶ ዓሣውን ለረጅም ጊዜ አየው። ከዚያ መፋቁን ቀጠለ።

ማዩሚና ሆናሚ ፀሐይ ወደ መጥለቁ ስታዘቀዝቅ ደረሱ። ልጅቷ ጫማዋን በር ላይ አሽቀንጥራ እየሮጠች ገባች።

"አያቴ! ቴሌቪዥን ውስጥ ነበርክ!"

"ወፍሬ ታየሁሽ?"

"አዎ! ፀጉርህም ቆሞ ነበር!"

ቶሚኮ ከወጥ ቤት ሆና ሳቀች። "ማበጠሪያ ይዘህ ሂድ ብዬው ነበር። መች ይሰማኛል።"

እራት ቀረበ። ሩዝ፣ የባቄላ ሾርባ፣ ኮምጣጤ የገባበት ዱባ፣ መሐል ላይ ደግሞ ሂራሜው። ኢሳኦ ማዩሚ የተለመደውን የምግብ ዕቃ እስክታወጣ ጠበቀ። አላወጣችም።

"አባዬ" አለች፣ ዓይኗን ከጠረጴዛው ሳታነሳ። "አውቶቡስ ውስጥ ሆነን በስልኬ አየንህ። ሆናሚ 'አያቴ በላው እኮ፣ እኔስ ለምን አልበላም?' አለችኝ። የምመልሰው አጣሁ። ስንት ዓመት ሙሉ እንዳስቀየምኩህ አውቃለሁ። ዛሬ ትብላ።"

ቶሚኮ የያዘችውን የሾርባ ሳህን ቀስ ብላ አስቀመጠችና ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ኢሳኦ ይህችን ቃል ለመስማት ስንት ዓመት ጠብቋል! ሆናሚ በትንንሽ መብያ እንጨቶቿ አንዱን ቁራሽ ለመያዝ እየታገለች ነው። አመለጣት። ደግማ ያዘችው። አነሳችው።

የኢሳኦ እጅ ሄዶ የልጅቷን እጅ ያዘ።

"ቆይ።"

"ምነው?" አለች ማዩሚ።

"አጥንት ይኖረዋል።"

ሆናሚ ቁራሹን ጠጋ ብላ አየችው። "አያቴ፣ አጥንት የት አለ?"

የለም። ራሱ ነው የቆረጠው። ኢሳኦ ቁራሹን ከእጇ ወስዶ ወደ ሳህኑ መለሰውና ሳህኑን ከልጅቷ አራቀው።

"ዛሬ አንድ የአለት ዓሣ ላይ ተገኘ" አለ። "ከሕጉ በላይ። ነገ ትሰሙታላችሁ።"

ማዩሚ ሳህኑን ወደ ራሷ ሳብ አድርጋ አየችው።

"ይሄኛው ግን ተለክቷል አይደል?" አለች ማዩሚ።

"ተለክቷል። ምንም የለበትም። ዓይነቱም ሌላ ነው።"

"ታዲያ?"

"አላውቅም።"

"አንተ ካላወቅህ ማን ይወቅልኝ፣ አባዬ?"

ትቆጣለች ብሎ ነበር። ብትቆጣ በስንት ጣዕሙ! እሷ ግን ሆስፒታል ውስጥ የማይድን በሽተኛ እንደምታይ ሆና ነው ያየችው።

"አባቷ" አለች ቶሚኮ። "ስንት ሌሊት ሙሉ ይህችን ልጅ ስትከስሳት የኖርከው ለምንድን ነው ታዲያ?"

"ዓሣው ንጹህ ነው" አለ ኢሳኦ። "ንጹህ እንደሆነ አውቃለሁ። እጄ ነው እምቢ ያለኝ።"

ልጅቷ ማልቀስ ጀመረች፤ ጥፋቱ የእሷ መስሏት። ኢሳኦ ተነሥቶ ወጥ ቤት ገባ። ሁለት እንቁላል ሰብሮ ጠበሰላትና ሩዟ ላይ አደረገላት። እሷም በላች። ማዩሚ አልበላችም፤ የልጅቷን ጀርባ እያሻሸች መስኮቱን ታያለች። ሂራሜው መሐል ላይ እንዳለ ዳር ዳሩ መድረቅ ጀመረ። ቶሚኮም እጇን አልሰደደችበትም። ለዐርባ ዓመት ከዚያ ባሕር የወጣውን ያለጥያቄ ስታበስል የኖረች ሴት ናት።

ኢሳኦ ስልኩን ይዞ ጓሮ ወጣ። ሃጊዋራ በመጀመሪያው ጥሪ አነሳው።

"የልጅ ልጆችህ ደህና ናቸው?" አለው ኢሳኦ።

"ደህና ናቸው። ምነው በዚህ ሰዓት?"

"የኩሮሃማን ዓሣ ይበላሉ?"

"የሚኖሩት ሩቅ፣ ኦሳካ ከተማ ነው" አለ ሃጊዋራ።

"እዚህ ሲመጡስ?"



"ኢሳኦ፣ ይህን ወደብ አትዝጋብን" አለ ሃጊዋራ ቀስ ብሎ። "ነገ ካሜራው ፊት ካልቆምክ ሁሉም ነገሩ ይገባቸዋል። ኦዛኪ ልጆች አሉት። የኩዶም ቤት የሚያድረው በዚሁ ነው።"

"አውቃለሁ።"

"ታመመ ልበላቸው?"

ኢሳኦ በመስኮቱ በኩል ወደ ውስጥ አየ። ሆናሚ እንቁላሏን ጨርሳ እናቷ ጭን ላይ ተኝታለች።

"አልታመምኩም" አለ። "አልበላም አለ በላቸው።"

ስልኩን ዘጋው።