በበግ የመጣ እርቅ

ሙላት በግ እየጎተተ ሉማሜ ሲደርስ፣ እህቱ ስሜነሽ ከሻይ ቤቷ በር ላይ ሆና አየችውና ሰው የሞተ መሰላት። አባታቸው ከተቀበሩ ወዲህ ደጇን ረግጦ አያውቅማ! ከኋላው ሁለት ሽማግሌዎች ይከተሉታል፤ ከፊት የንስሐ አባቱ አባ ኪዳነ ማርያም ይመሩታል።

ጠቡ ቁይ አጠገብ ባለው የአባታቸው መሬት የተነሳ ነበር። ሙላት «ባል አግብታ የወጣች ሴት ከአባቷ መሬት ድርሻ የላትም» ብሎ ተከራከረ፤ የወረዳው ፍርድ ቤትም ፈረደለት። ስሜነሽ ደብረ ማርቆስ ሄዳ ይግባኝ አለች። ያኔ እነዚሁ ሽማግሌዎች ገበያ ላይ ሲያገኟት ወንድሟን የከሰሰች እያሉ ፊታቸውን ያዞሩባት ነበር። ሥራነሽ የምትባል የቁይ ሴት በተመሳሳይ ጉዳይ ሰበር ችሎት ድረስ ሄዳ ስለነበር፣ ይግባኙን የያዙት ዳኛ የእሷ ውሳኔ እስኪታወቅ ይጠበቅ ብለው መዝገቡን አቆዩት።

አባ ኪዳነ ማርያም ከተቀመጡ በኋላ ስለ እህትና ወንድም ፍቅር ብዙ መከሩ። ስሜነሽ ሻይ እየቀዳች በልቧ ሳቀች። ባሏ የሞተ ጊዜ እኒህ ሰው ለፍትሐት እንኳ አልመጡም፤ ዛሬ ፍቅር እንደ ድርቆሽ ተከምሮባቸው መጡ። ሙላትም በተራው መሬት ቆንጥሮ ሊሰጣት፣ እሷም ይግባኙን ልታነሳ፣ ለዚህም በነጋታው አብረው ደብረ ማርቆስ እንዲሄዱ ጠየቃት።

«ነገውኑ ምን አስቸኮለህ?» አለችው።

ሙላት ሽማግሌዎቹን አየ፤ ሽማግሌዎቹ ሻያቸውን አዩ።

«እርቅ ሲውል ሲያድር ይሻክራል፣ ልጄ» አሉ አባ።

ስሜነሽ ወደ ጓዳ ገባችና ለሥራነሽ ደወለች። ሥራነሽም፣ ሰበር «ማግባት ከውርስ አያስቀርም» ብሎ እንደፈረደላትና ቁይ ሁሉ እንደሰማ ነገረቻት። የበታች ፍርድ ቤቶች ይህን ትርጉም መከተል ግዴታቸው ስለሆነ፣ ገና ያልተወሰነ ይግባኝ ሁሉ በዚሁ ይዳኛል። «መዝገብሽን በእጅሽ ከዘጋሽ ግን የሚደርስልሽ የለም» አለቻት።

ስሜነሽ ከጓዳ ወጣች።

«አባ፣ ሰበር የወሰነውን ሰምተዋል?»

አባ ጋቢያቸውን አስተካከሉ። «ሰምተናል። የሰው ፍርድ ግን…»

«ሰምተው ነዋ ወንድሜን እንድወድ የሚመክሩኝ! ሙላት፣ በግህን ይዘህ ተመለስ። በጉስ ምን በወጣው ይህን ሁሉ መንገድ ለፋ።»

በቀጠሮው ቀን የደብረ ማርቆሱ ዳኛ የሰበርን ውሳኔ ጠቅሰው የወረዳውን ፍርድ ሻሩ፤ መሬቱም እኩል ይካፈል አሉ። ሙላት ከችሎት እንደወጣ፣ ድሮም ሊያካፍላት አስቦ እንደነበር ላገኘው ሁሉ ማውራት ጀመረ። ስሜነሽ አጠገቡ ቆማ እስኪጨርስ አዳመጠችውና ወደ መናኸሪያ ሄደች።

ከዚያ በኋላ አመተ ሥላሴ የምትባል የቁይ ሴት ሻይ ቤቷ መጣች። አምና እነዚያው ሽማግሌዎች ከወንድሟ ጋር አስታርቀዋት፣ በአንዲት ጊደር ተስማምታ ይግባኟን አንስታ ነበር። አሁን የሰበሩ ውሳኔ ለእሷም ይደርስ እንደሆነ ጠየቀች። ስሜነሽ ከጠበቃዋ የሰማችውን ሳትሸፍን ነገረቻት፤ በስምምነት ያለቀ ጉዳይ አዲስ ውሳኔ ስለመጣ ብቻ እንደገና አይከፈትም።

አመተ ሥላሴ የሻይ ብርጭቆዋን ወደ ጎን ገፋች።

«ሽማግሌዎቹ ያኔ ይህ እንደሚመጣ ያውቁ ነበር?»

«ይህን እንኳ አያውቁም» አለች ስሜነሽ። «ወንድምሽን ግን በደንብ ያውቁት ነበር።»