ይግባኝ የተባለበት ዘር ድንች

ዘር ነጋዴዋ ዋሲላ ግምጃ ቤት በሚባለው አገር ላሉ ገበሬዎች «ዝናቡ ሲይዝ ዘሩ ከደጃችሁ ነው» ብላ ቃል ገብታ ነበር። እነሱም እሷን አምነው መሬታቸውን ሦስቴ አርሰው ይጠብቃሉ። በዚህ አገር ዘር አደርሳለሁ ብሎ የቀረ ነጋዴ በከርሞው ሰላምታውንም የሚያምነው የለ። እሷ ግን ሰባ ጆንያ ዘር ድንቿ እንጅባራ ላይ ተይዞባታል።

የያዘባት ይኸነው የሚባል ወጣት የግብር ተቆጣጣሪ ነው። «የግዢ ደረሰኝ የለውም» አለ። «ገበሬ ከመቼ ወዲህ ነው ደረሰኝ የሚቆርጥ?» ብትል ሰሚ አጣች። የመጀመሪያው ፍርድ ቤትም የተጠየቀውን ግብር ሙሉውን አስይዛ ትውሰድ ብሎ ወሰነ። ያን ያህል ብር ቢኖራትማ ምን ያከራክራት ነበር! ይግባኝ አለች። በማመልከቻዋም ላይ «ንብረቴ በጆንያ ታፍኖ እየበሰበሰ ስለሆነ በአስቸኳይ በዋስ ይለቀቅልኝ» ብላ አስጻፈች።

አላጋነነችም። ዘር ድንች በጆንያ ከከረመ ወይ ይበሰብሳል፣ ወይ ነጭ፣ ረጅም ቡቃያ ያወጣና ገና ሲነኩት እንክት ይላል። የሷ ደግሞ ከተያዘ አርባ ቀን ሆኖታል።

የይግባኙ ዳኛ ሁለቱንም ወገን ሰሙና «እስቲ በዓይናችን እንየው» ብለው ወደ መጋዘኑ ሄዱ። ዋሲላ ሽታውን ፈርታ የሻሿን ጫፍ በእጇ ይዛ ከኋላ ከኋላ ተከተለች።

በሩ ሲከፈት ምንም አልሸተተም። ሰባው ጆንያ ባዶውን ታጥፎ ጥግ ላይ ተቀምጧል። መስኮቶቹ ወለል ብለዋል። ድንቹ በቀርከሃ ቆጥ ላይ በስሱ ተዘርግቶ፣ አጭር፣ ወፍራም፣ አረንጓዴ ቡቃያ አውጥቷል። ዋሲላ በራሷ ቤት እንኳ እንዲህ ያማረ ዘር አዘጋጅታ አታውቅም። ደስ ሊላት ሲል ግን ማመልከቻዋ ትዝ አላት። በሰበሰ ብላ አይደል ይግባኝ ያለችው? አፌን በቆረጠው አለች በልቧ።

«የበሰበሰው የቱ ነው?» አሉ ዳኛው። የግብር መሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ፈገግ አለ። ዋሲላ ዓይኗን ባዶዎቹ ጆንያዎች ላይ ጣለች።

«ጆንያውንስ ማን ፈታው?» አሉ ዳኛው ቀጥለው።

ይኸነው አንገቱን ደፍቶ ወደ ፊት ወጣ። «እኔ ነኝ፣ ክቡር ፍርድ ቤት። ቁልፉ ያለው እኔ ዘንድ ነው። አባቴ አዘና ከተማ አጠገብ ድንች ነው የሚያመርት፤ ዘር ታፍኖ ሳይ አላስቻለኝም። ቀርከሃውን ከቤት አመጣሁና ከሥራ ስወጣ እየመጣሁ አገላብጠዋለሁ። አንድም አልጎደለም።»

«እንግዲያው ካልተበላሸ ይግባኙ እስኪያልቅ ቢቆይ ምን ይሆናል?» አለ ነገረ ፈጁ ፈጠን ብሎ።

ይኸነው የመሥሪያ ቤቱን ሰው አየ፤ ቀጥሎ ድንቹን አየ። «ቡቃያው ደርሷል። በዚህ ሳምንት አፈር ካልገባ ከንቱ ነው። ግብሩ ይቆያል፣ ዘሩ ግን አይቆይም» አለ።

ዳኛው እዚያው ቆመው ለጸሐፊያቸው አጻፉ፤ ድንቹ በሰው ዋስ ዛሬውኑ ይለቀቅ፣ የግብሩ ክርክር ይቀጥል።

አይሱዙው ተጭኖ ሲያልቅ ዋሲላ ወደ ይኸነው ጠጋ አለች።

«በግብሩ ግን አሁንም አልለቅዎትም፣ እትዬ» አላት ቀድሞ።

«አትልቀቀኝ፣ እንከራከራለን። እኔ የመጣሁት ለሌላ ነው። አርባ ቀን ሙሉ ሰግጄ በተነሳሁ ቁጥር እጁን ይቁረጠው ስል ነው የከረምኩት። አውፍ በለኝ፣ ይቅር በለኝ ልጄ።»

ይኸነው ጥፍሩ ሥር አፈር የያዘውን እጁን ገልብጦ አየና ሳቀ።

«ኧረ እንኳን ፈጣሪ አልሰማዎት! ድንችዎን ማን ሊያገላብጥልዎ ነበር?»

ዋሲላ ለመሳቅ አፏን ስትከፍት እንባዋ ቀደማት።