የፈረስ እሽቅድምድም የተቀዳበት ድራማዬ

…ደግሞ መድን ሻጭ መስሎኝ እኮ ነው ስልኩን ያነሳሁት፣ አልፈልግም ልል ስል ሴትየዋ ቀደመችኝ፣ ሚስተር ሃርግሪቭስ፣ ባሏን ጥላ ልትሄድ ሻንጣ ይዛ በር ላይ የምትቆመውን የፋብሪካ ሠራተኛ ድራማ የጻፉት እርስዎ ነዎት? ወይ ጉድ። አርባ ዓመት ሙሉ ማንም ያልጠየቀኝን፣ ሚስቴ ዊኒፍሬድ ካለፈች ወዲህማ ስሜን የሚጠራው የመድኃኒት ቤቱ ልጅ ብቻ ነው።

ድራማው በቴሌቪዥን አንድ ማታ ታየ፣ አለቀ። ያኔ ቴፕ ውድ ነው፣ ያጠፉትና ሌላ ይቀዱበታል፣ የኔም ላይ የፈረስ እሽቅድምድም ተቀዳበት፣ ጣቢያው ጋ ደውዬ ስጠይቅ ልጁ እንዴት ያለ ጨዋ ነው፣ ይቅርታ ጌታዬ፣ ግን ጥሩ ውድድር ነበር አለኝ። ጥሩ ውድድር፣ የት አባቱ። ከዚያ ወዲያ የሰው ተከታታይ ድራማ ስጠጋግን ኖርኩ፣ ፖሊሱ ይገባል፣ ኮፍያውን ያወልቃል፣ ሻይ ይሰጡታል፣ እሱንም የጻፍኩት እኔ ነኝ፣ ማን ያውቃል። አንድ ሰው፣ አንድ እንኳ፣ ልቡን ነክቼው እንደሆነ ማወቅ ነው የምፈልገው፣ ሳልሞት።

ሴትየዋ ግሌንዳ ትባላለች፣ ከበርንሊ ከተማ። አባቷ ያኔ የድምፅ መቅረጫ ገዝቶ፣ ድራማዬ ሲታይ ቴሌቪዥኑ ሥር ደቅኖ ቀድቶት ኖሯል፣ ምስል የለውም፣ ድምፅ ብቻ፣ እናትና አባቷ ሲሞቱ ቤቱን ስታጸዳ ካሴቱን አገኘችው። ላከችልኝ፣ ይኸው ካሴቱ ይዞራል፣ እኔም ካፖርቴን ሳላወልቅ ቁጭ ብያለሁ።

ምን ዓይነት ጫጫታ ነው ግን፣ የነሱ ቤት ድምፅ ሁሉ አብሮ ተቀድቷል። ማንኪያ ይንኳኳል፣ ውሻ ይጮሃል፣ ክረምቱን ሙሉ የደከምኩባትን ንግግር ተዋናይዋ ልትል አፏን ስትከፍት የግሌንዳ አባት ሚስቱን፣ ኢዲት፣ ብስኩቱ አለቀ እንዴ? ዝም በል አንተ ሰውዬ፣ አርባ ዓመት ጠብቄ ብስኩት፣ ንግግሯ ሄደች፣ ውሃ በላት፣ ዕድሌ ነው።

ተዋናይዋ አሁን ሻንጣዋን ይዛ በር ላይ ደርሳለች፣ ምንም የማትናገርበት ቦታ፣ ዳይሬክተሩ እዚህ ጋ ሰው ጣቢያ ይቀይራል ብሎ የተጣላኝ፣ አይነካም ያልኩት። ጭጭ። ማንኪያውም ጭጭ። አልቀየሩም። ከዚያ እናትየው፣ ቀስ ብላ፣ ፍራንክ፣ እኔም እኮ አንዴ ሻንጣዬን አዘጋጅቼ ነበር።

አባትየው፣ አውቃለሁ፣ አልጋ ሥር አይቼዋለሁ።

ታዲያ ምነው ዝም አልክ?

ከተናገርኩ ትሄጃለሽ ብዬ ፈራሁ።

የድራማዬ ሴትዮ መናገር ጀምራለች፣ እኔ ግን አልሰማትም፣ ትናገር፣ እያለቀስኩ ነው መሰለኝ፣ ካሴቱን ወደኋላ አጠነጥነዋለሁ፣ እነሱን ነው መስማት የምፈልገው፣ እነሱን