ዕድሜው ደረሰ

"መዝገቡ ተዘግቷል። ቀጣይ ባለጉዳይ!" አለ ዳኛው።

ሰሊማ ከቆመችበት አልተነቃነቀችም። ልጇ አደም ሰቆጣ ገበያ ላይ በርበሬዋን ሲያራግፍላት በአፈሳ ለብሔራዊ ውትድርና ሲወሰድ ገና አሥራ ስምንት ዓመት አልሞላውም ነበር። በማግስቱ "ዕድሜው አልደረሰምና ልጄን መልሱልኝ" ብላ ከሰሰች። ከዚያ ወዲህ ሱቋን እየዘጋች ተመላለሰች። አንዴ ዳኛው ስብሰባ ሄዷል ተባለች፤ አንዴ ቀበሌው መልስ አላቀረበም፤ ሌላ ጊዜ ደግሞ ምክንያቱን የነገራት እንኳ አልነበረም።

"ለምን ተዘጋ?" አለች።

"አቤቱታሽ ልጁ ዕድሜው አልደረሰም የሚል ነው። ባለፈው ወር አሥራ ስምንት ሞላው። እንግዲህ የሚያከራክር ነገር የለም።"

"ሲወስዱትስ?"

"እሱ አልፏል። ባለፈ ነገር ላይ አንፈርድም።"

"ያሳለፋችሁት እናንተ አይደላችሁም?" የሰሊማ ድምፅ ክፍሉን ሞላው። "እኔ የመጣሁት ልጅ ሳለ ነው! ነገ ተመለሽ፣ ሳምንት ተመለሽ እያላችሁ በቀጠሮ ያሳደጋችሁት እናንተ ናችሁ። ወላሂ፣ እኔ እናቱ እንኳ እንዲህ ቶሎ አላሳደግሁትም!"

ከኋላ አንድ ሰው ሳቅ አመለጠውና አፉን በጋቢው አፈነ።

"ሥርዓት ያዢ! አብዮቱን ነው የምትቃወሚው?" ዳኛው ጠረጴዛውን ደበደበ።

ጸሐፊው የቀለሙን ሳጥን አቀረበላት። "ውሳኔው እንደደረሰሽ አሻራሽን አኑሪ።"

"ምንም አልደረሰኝም" አለችና እጇን ነጠላዋ ውስጥ ሸሸገች። ዘበኛው ክንዷን ይዞ ከበረንዳው አደረሳት።

ግድግዳውን ተደግፋ ስትቀመጥ አጠገቧ አቧራ የለበሰች ገበሬ ሴት አየች።

"አንቺንስ ምን አመጣሽ?" አለቻት።

"ልጄ ደጅይጥኑ። አሥራ ስድስት ዓመቱ ነው። ጋዝጊብላ፣ ከቀያችን አውድማ ላይ ወሰዱብኝ።" ሴትዮዋ አማርኛውን እየፈለገች ነበር የምታወራው። "አገኘሁሽ እባላለሁ። ዘበኛው ደግ ነው፤ አይዞሽ፣ ዛሬ ቀጠሮ ትይዣለሽ አለኝ።"

ሰሊማ ፊቷን አዞረች። የአገኘሁሽ ደስታ ከዳኛው ቃል ይልቅ አንገበገባት።

"ቀጠሮ እንዳትቀበዪ" አለች በመጨረሻ።

"ታዲያ ምን ልበል? እኔ እንደናንተ አማርኛው አይሆንልኝ።"

"በአገውኛ ተናገሪ።"

በሩ ተከፈተና ዘበኛው "አገኘሁሽ!" ብሎ ተጣራ። ሰሊማ አብራት ተነሣች። ዘበኛው እጁን ዘርግቶ አገዳት።

"ያንቺ ጉዳይ አልቋል አይደል? አንቺ ደግሞ ምኗ ነሽ?"

"አስተርጓሚዋ ነኝ" አለች ሰሊማ፣ ክንዱን ገፍታ እያለፈች። ከዳኛው ፊት ስትደርስ አገኘሁሽ አፏን እስክትከፍት አልጠበቀችም። "ይቺ ሴት ቀጠሮ አትፈልግም። ዛሬ፣ ልጇ ልጅ ሳለ ይፈረድላት" አለችና ከአግዳሚው ላይ ቁጭ አለች።