የላሬም ጣውንት

እንግሊዛዊው ሻለቃ ተርሎው የአውራጃችን ገዥ ሆኖ ወደ እኛ ወደ አቾሊ አገር ሲመጣ ግራ እግሩ በጦርነት ቆስሎ አይታጠፍለትም ነበር። ሃያ ዓመት ወታደር ሲያዝ የኖረ ሰው ነውና ሰላምታው ራሱ ትእዛዝ ይመስላል። እኔ ኦላኛ አስተርጓሚው ነበርኩ። አፉም ጆሮውም እኔው ነኝ።

ክፉ ሰው አልነበረም። ያንገበገበው ከእሱ በፊት የነበረው ገዥ መወደዱ ነው። ሚስተር ዊትኮምን ሕዝባችን «ላሬም» ይለዋል፤ ወዳጅ ማለት ነው። ከሄደ ዓመት ቢያልፈውም ስሙ ከሰው አፍ አልወረደም። የድንበር ክርክር ሲመጣ «ላሬም ቢሆን መሬቱን በእግሩ ዞሮ ያይ ነበር» ይላሉ። ሻለቃው በዚያ በማይታጠፍ እግሩ ዞሮ ያያል። «ላሬምማ አብሮን ጠላ ይጠጣ ነበር» ይላሉ። ይጠጣል። «ላሬም ግን ሲጠጣ ይስቅ ነበር» ይሉታል ደግሞ።

«ኦላኛ» አለኝ አንድ ቀን፣ «ያ ሰውዬ የማይችለው ነገር አልነበረም?»

«መዝፈን አይችልም ነበር፣ ጌታዬ።»

ፊቱ በራ። «እውነት?»

«አዎ። ግን ሲዘፍን ሰው ሁሉ ደስ ይለው ነበር።»

ኮፍያውን አንስቶ ወጣ።

በሁለተኛው ዓመት፣ በየክረምቱ ሰው በሚወስደው ወንዛችን ላይ ድልድይ አሠራ። እጅጌውን ጠቅልሎ ከሠራተኞቹ ጋር ግንድ ተሸከመ። በምርቃቱ ቀን ሴቶቹ ከበሮ እየመቱ ተሻገሩበት።

«ምን እያሉ ነው?» አለኝ።

«ላሬም ና እይ፣ የተመኘህልን ድልድይ ቆመ» ነበር የሚሉት። እኔ ግን «እርስዎን እያመሰገኑ ነው» አልኩት።

«ላሬም የሚለውን ቃል እንኳ አውቀዋለሁ» አለና ፊቱን አዞረ።

ከዚያ በኋላ ነው ደብዳቤው የመጣው። ሚስተር ዊትኮም ታሞ ለዘለቄታው ወደ አገሩ ሊመለስ ነው፤ በመንገዱ እኛ ዘንድ ግማሽ ቀን ያርፋል። ሻለቃው ደብዳቤውን ደጋግሞ አነበበ። በማግስቱ መንገድ መጥረግ አለ ብሎ ባላባታችንን ርዎት ኦዶኪን ጨምሮ ጉልበት ያለውን ሁሉ የሁለት ቀን መንገድ ርቆ እንዲሄድ አዘዘ። ለምን እንደሆነ ከእኔና ከእሱ በቀር ያወቀ አልነበረም። እኔም ዝም አልኩ።

ላሬም መጣ። ከስቷል፤ ኮቱ ሰፍቶታል። ባዶውን ሜዳ አይቶ «ሰዎቹ የት ሄዱ?» አለ።

«ሰሊጥ ሊያጭዱ ወጥተዋል» አለ ሻለቃው።

«በዚህ ወር?»

ሻለቃው ወንበር አወጣለት። ላሬም እስከ ቀትር ዛፍ ሥር ተቀምጦ መንገዱን ሲያይ ቆየና ሄደ።

የላሬም ሾፌር ግን በመንገድ ላይ ወሬውን ዘርቶት ኖሯል። ሕዝቡ እንደተመለሰ ርዎት ኦዶኪ ሽማግሌዎቹን አስከትሎ ወደ ቢሮው መጣ። አልተቀመጠም።

«ላሬም መጥቶ ነበር?»

ተረጎምኩ። ሻለቃው እኔን ሳይሆን እሱን አየ። «መጥቶ ነበር።»

«እያወቅህ ነው የላክኸን?»

«አዎ።»

«ለምን?»

 ሻለቃው ቀይ ፊቱ እስከ ጆሮው ነዶ «ቀንቼ ነው» አለ።

ስተረጉመው ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ርዎት ኦዶኪ አንገቱን ነቀነቀ። «ሦስት ሚስቶች አሉኝ፤ ይህን ፊት አውቀዋለሁ። አንተ ገዥ አይደለህም፣ ልጄ። የላሬም ጣውንት ነህ!»

አንዱ ሽማግሌ ሳቁ አመለጠው፣ ሌሎቹም ተከተሉ። ርዎት ኦዶኪ ግን አልሳቀም። «ያደረግኸውን ራስህ ጽፈህ ንገረው። እንዳልጠላነው ይወቅ።»

ሻለቃው ሁለት ቀን ሙሉ ጻፈ። መልሱ ከአራት ወር በኋላ መጣ፤ የጻፈችው የላሬም እህት ናት። ወንድሟ መርከብ ላይ ሞቷል። ደብዳቤው አልደረሰውም።

ያን ዕለት ሻለቃው አልጠራኝም። ከቢሮው ወጥቶ ብቻውን እያነከሰ ወደ ርዎት ኦዶኪ ግቢ ሲሄድ አይቼ ተከተልኩት። በተሰባበረ አቾሊኛ «ላሬም ሞተ። ደብዳቤዬን አላየም። ጥፋቱ የእኔ ነው» አላቸው። ሴቶቹ እሪ አሉ። እሱ እዚያው ቆሞ ቀረ። ላሙኑ የምትባል ጎበጥ ያለች ባልቴት ጠጋ ብላ ምንጣፏ ላይ ቦታ ለቀቀችለት። «ና ቁጭ በል፣ ጣውንት» አለችው። «ጣውንትም ያለቅሳል።»

እግሩን ዘርግቶ ተቀመጠ። ሦስት ቀን አብሯቸው ሐዘን ተቀመጠ። ከዚያ በኋላ ሰዎች ጉዳያቸውን ለእሱ ለራሱ ይነግሩት ጀመር። እሱም ያልገባውን ቃል እነሱን ይጠይቃል።

እኔ በሩ አጠገብ ቆሜ እሰማለሁ። ላሙኑ ቃል ስታርመው፣ እሱም ሲስቅ፣ ትክክለኛውን ቃል እኔው ጮክ ብዬ እናገራለሁ፤ ማንም ዞሮ አያየኝም። ጣውንትነት ምን እንደሆነ ለማወቅ አስተርጓሚ አላስፈለገኝም።