የክዳኑ ላብ

ልጆቼ፣ ጎረቤቴ ቶራኪቺ በጦርነቱ ተማርኮ ከሳይቤሪያ በአራተኛው ዓመት ሲመለስ አገሩ ሌላ ሆኖ ጠበቀው። በጭሰኝነት ያረስነው ማሳ የራሳችን ሆኗል። ሚስቱ ኪኑ ሱሪ ታጥቃ ታርሳለች፤ በመንደር ስብሰባ ወንዶቹን አስቁማ ትናገራለች።

እሱ ግን ግድግዳ ሳይደገፍ አይቀመጥም። ከሚበላው ግማሹን እጅጌው ውስጥ ይሸሽጋል።

አንድ ጠዋት ፊቱ አመድ መስሎ ወደ ቤቴ መጣ።

«እማማ ኢቶ፣ እኛ ቤት ስንት ሰው ነን?»

«መቁጠር ካልጠፋብኝ ሁለት።»

«ታዲያ ሦስተኛው የሩዝ ሳህን የማን ነው? እኔን ማሳ ልካ ጓዳ ታስቀምጣለች፤ ተደብቄ አየኋት። ክዳኑን ከፍታ ታይና ለብቻዋ ፈገግ ትላለች። ምሳ ሲደርስ ሳህኑ ባዶ ነው! በምርኮ ሳህን ከሰው ከበዛ ሌባ አለ ማለት ነው። ሌላ ወንድ ካላት ዛሬውኑ እሄዳለሁ፤ ዳግም አታዩኝም።»

ሳቄን ዋጥኩት። ሩቅ ለሄደ ሰው መንገድ ላይ እንዳይራብ ሳህን ማኖር የእናቱም ልማድ ነበር። ክዳኑ ከውስጥ ካላበው ሰውየው በሕይወት አለ ይባላል። ያን ልማድ የምርኮው ረሃብ አስረስቶታል። ግን እኔም ግራ ገባኝ፤ እሱ ተመልሶ የለ?

«ና፣ እሷኑ ጠይቃት» ብዬ ተከተልኩት።

ኪኑ ክዳኑን እንደያዘች ደረስንባት።

«የማን ነው?» አለ።

«ያንተ ነዋ!»

«እዚህ ቆሜ?»

«አንተ መቼ መጣህ? የቆመው ሰውዬ ሳህን ይቆጥራል፣ ሲነኩት ይበረግጋል። እኔ የሸኘሁት እየበላ የሚያንጎራጉር ነው። እሱ ገና መንገድ ላይ ነው። ሲበርድ እኔው ለምሳዬ እበላዋለሁ፤ ሌባዋም እኔ ነኝ፣ እሰረኝ!»

ቶራኪቺ ጠጋ አላት። ክዳኑን ተቀብሎ ጠብታዎቹን በጣቱ ነካ። ተቀመጠና ግማሹን በላ፤ ግማሹን እጅጌው ውስጥ ከተተ። ኪኑ አይታ እንዳላየች ሆነች።

በማግስቱ ሦስተኛውን ሳህን ከጓዳ አውጥታ ፊቱ አኖረችው። እሱም ሩዙን ከመንካቱ በፊት ክዳኑን አንስቶ፣ አልቦት እንደሆነ በጥርጣሬ ገልበጥ ገልበጥ አድርጎ አየው።